ጭራቁን ይዤ ሐዋሳ

ከማቴዎስ ጋር አብረን ያደረግነው የመጨረሻ ተራ ነገር ምሳ መብላት ነው። ምስር ወጥና ጎመን ነበር። ቤታችን ኮንዶሚኒየም ምድር ላይ ነው፤ የምንበላበት ጠረጴዛ አጠገብ ያለው መስኮት ወደ ደረጃው ያያል። ጎረቤት በወጣና በወረደ ቁጥር ገበታችን ላይ ምን እንዳለ ያውቃል። ስለዚህ ምግብ ሲቀርብ መጋረጃውን እዘጋለሁ። እናቴም ስትበላ በር ትዘጋ ነበር፤ ለምን ብዬ ጠይቄያት አላውቅም። የዚያን ቀንም ተነሥቼ ስዘጋ፣ ማቴዎስ እንጀራውን እየቆረሰ፣ «ጭራቁ መጣ እንዴ?» አለኝ። ዘወትር የሚላት ቀልድ ናት። «ዝም ብለህ ብላ» አልኩት። በላ። በማግስቱ ጠዋት ልቡ ቆመ።

ይህን የምጽፈው ከሐዋሳ ከተመለስኩ በኋላ ነው። የእድራችን ሴቶች «እንዴት ነበር? ሐይቁ ያምራል?» ሲሉኝ «ያምራል» ብዬ ዘግቻለሁ። እውነትም ያምራል። ስለ ሐይቁ ግን ብዙ አልጽፍም።

ባለቤቴ ፍልስፍና ሲያስተምር የኖረ ሰው ነው። ጡረታ ከወጣ በኋላ አንድ ጉዳይ ብቻ ይዞ ተቀመጠ። ጉዳዩ ጭራቅ ነበር። ሰው ሲሰማ ይስቃል። እኔ በመንግሥት መሥሪያ ቤት ጸሐፊ ሆኜ ስለኖርኩ የጻፈውን በኮምፒውተር እመታለታለሁ፤ ነጠላ ሰረዙንም አርምለታለሁ። ስለዚህ ሐሳቡን ከማንም በላይ አውቀው ነበር፤ አውቀዋለሁ ብዬም አምን ነበር። ጭራቅ በተረት ሁሉ የሚኖረው ከወንዝ ማዶ ነው፣ ማዶ ያሉትን ብትጠይቋቸው ግን ጭራቁ ያለው እናንተ ዘንድ ነው ይሏችኋል ይላል። የጥንት ነገሥታት ታሪክ ዘንዶ በገደለ ሰው የሚጀምረው፣ ዘንዶ የሌለበት አገር ጀግና አምጡልኝ ስለማይል ነው ይላል። ሁለት ራስ ያለው ጥጃ ሲወለድ ከፈላስፎች አንዳንዶቹ ተፈጥሮ ተሳሳተች አሉ፤ ሌሎቹ ደግሞ ተፈጥሮ አልተሳሳተችም፣ እኛ ነን ሁሉንም ያላየነው አሉ። ማቴዎስ ከሁለተኞቹ ጋር ነበር።

የጽሑፉ መጨረሻ ግን ስለ ዘንዶም ስለ ጥጃም አይደለም። ስለ ቡዳ ነው። ማቴዎስ የተወለደው ሐዋሳ አጠገብ ከሸክላ ሠሪ ቤተሰብ ነው። ሰው እነሱ በሠሩት ገበታ ይበላ ነበር፤ ከእነሱ ጋር ግን አይበላም። ዓይናቸው ይበላል ይባላል። ይህን ከመጋባታችን በፊት ነግሮኛል። እኔም የተማርኩ ሰው ነኝ ብዬ ስቄ አልፌዋለሁ።

ሐዋሳ ውስጥ መጽሐፍ የሚያነቡ ሰዎች በወር አንድ ጊዜ ተሰብስበው ይወያያሉ። ማቴዎስ ጽሑፉን መጥቶ ሊያነብላቸው ቃል ገብቶ ነበር። ከሞተ ወራት ካለፉ በኋላ እህቱ አስቴር ደወለችልኝ። «እትዬ ሮማን፣ ወንበሩ ባዶ ከሚቀር አንቺ አንብቢልን። እማማ ዱካሌ ቀሚስ አሰፍታ ነው የምትጠብቀው» አለችኝ። እማማ ዱካሌ አክስታቸው ናቸው፤ ማቴዎስን እናቱ ሞታ እሳቸው ናቸው ያሳደጉት። ለቀብሩ ጉልበታቸው እምቢ ብሏቸው አልመጡም። እኔም አይቻቸው አላውቅም ነበር። ማቴዎስ ወደዚያ የሚሄደው ብቻውን ነው። እኔ ሁልጊዜ ሥራ ነበረኝ።

ሐሙስ ጠዋት ከቃሊቲ መናኸሪያ ተነሣሁ። አጠገቤ አንዲት ወጣት እናት ወፍራም ሕፃን ታቅፋ ተቀመጠች። መኪናው ሞጆን አልፎ ወደ መቂ ሲዞር፣ ከኋላችን ያለ ባለ ኮፍያ ሰውዬ አንገቱን አስግጎ «ኧረ ይሄ ልጅ ምን እየበላ ነው!» አለ። እናቲቱ ሻርፗን ልጁ ላይ ጣል አድርጋ «እትፍ በልበት!» አለችው። «እትፍ! እትፍ! በይ ከነምራቄ ያሳድግልሽ» አለ። ተሳፋሪው ሁሉ ሳቀ። እኔም ሳቅሁ። ማቴዎስ ከሞተ ወዲህ ሰው መሃል ስስቅ የመጀመሪያዬ ነበር፤ ሐዘኔ ቀለል ሊለኝ ነው መሰለኝ ብዬ አሰብኩ።

ባቱ ላይ ለምሳ ወረድን። ሙቀቱ እንደ አዲስ አበባ አይደለም፤ ከአስፋልቱ ይነሣል። ለሐዘን የገዛሁት ጥቁር ጫማ ሙጫው ቀለጠና የአንደኛው እግር ሶል እንደ አፍ ተከፈተ። ባለ ኮፍያው ሰውዬ ከሻንጣው ላይ ሲባጎ ፈትቶ አሰረልኝ። «እስከ ሐዋሳ ያደርስዎታል፤ ከዚያ ወዲያ አላውቅም» አለኝ። ሐዋሳ ስደርስ ሲባጎውም ተበጥሶ ነበር። ባጃጅ ስገባ ሾፌሩ እግሬን አየ፣ ሹራቤን አየ፤ «እናቴ፣ ሐዋሳ ነው ያሉት! ሹራቡን ያውልቁት፤ ጫማውንስ እግዜር አውልቆልዎታል» አለኝ።

የአስቴር ቤት ታቦር ተራራ ሥር ነው። እኛ አገር መንገዱ ሁሉ ዳገት ነው፤ እዚህ ከተማው እንደ ጠረጴዛ ተዘርግቶ ዳገቱ አንድ ብቻ ነው፤ እሱም ጀርባቸው ላይ ነው። አስቴር ቢሮ ውላ መጥታ፣ ምንም ሳታርፍ ውሃ አሙቃ እግሬን ካላጠብኩሽ ብላ ታገለችኝ። ጫማዋንም ሰጠችኝ። ቁጥሩ ስለሚበልጠኝ ስሄድ ቷ ቷ ይላል። አልጋዋን ለእኔ ለቃ እሷ ከልጇ ከሣራ ጋር ተኛች። ሣራ ከወለደች ጥቂት ወራት ሆኗታል። ሕፃኑን አምጥታ ጭኔ ላይ አስቀመጠችውና «ስሙ ማቴዎስ ነው። ማቲ እንለዋለን» አለችኝ። ከዚያ በኋላ ልጁን ከእጄ የወሰደችው ሲያለቅስ ብቻ ነው።

ዓርብ አስቴር ፈቃድ ወስዳ ሐይቅ ዳር ወሰደችኝ። አሣው ከጀልባ ሲወርድ አባ ኮዳዎቹ ዙሪያውን ከበው ይቆማሉ፤ ራሳቸው መላጣ፣ አንገታቸው ላይ ከረጢት የተንጠለጠለባቸው፣ ሰው የሚያህሉ ወፎች ናቸው። ለማያውቃቸው ያስፈራሉ። «አትፍሪያቸው እትዬ፤ የጡረተኞች ስብሰባ ላይ ናቸው» አለችኝ አስቴር። እኛ ዘንድ ቄሶቹ በጾም አሣ ይበላል አይበላም እያሉ ይከራከራሉ፤ እዚህ ጠዋት ቁርስ ነው። እኔ አልበላሁም። አስቴር ጴንጤ ናት፤ ዓርብ መሆኑን ግን ከእኔ በፊት ያስታወሰችው እሷ ናት። «ለአንቺ ቅቤ የሌለው ለብቻ አሠራለሁ» አለችኝ።

ከሰዓት በኋላ እማማ ዱካሌ መጡ። ትንሽ፣ ቀጭን ሴት ናቸው፤ የእጃቸው ቆዳ ጭቃ ውስጥ የኖረ እጅ ስለሆነ እንደ ደረቀ መሬት ተሰነጣጥቋል። ተቃቀፍን። ስለ ማቴዎስ አለቀሱ፤ እኔም አለቀስኩ። ከዚያ ፊት ለፊቴ ተቀመጡና ጭኔ ላይ ያለውን ሕፃን ብዙ ጊዜ አዩት። ፊታቸው እየበራ መጣ።

«ወፍሯል!» አሉ። «እንዴት ወፍሯል! ግንባሩ የማቴዎስ ነው።»

«እማማ፣ እትፍ ይበሉበት እንጂ!» አልኳቸው።

እየሳቅሁ ነው ያልኩት፤ ልክ መኪናው ውስጥ እንዳለችው ሴት። አፌ ሲል እጄም ነጠላዬን ስቦ የልጁን ፊት ሸፈነ። ማንም አልሳቀም። አስቴር ሳህን ይዛ ከማዕድ ቤት ስትወጣ በሩ ላይ ቆመች። ሣራ ጣቶቿን ማየት ጀመረች። እማማ ዱካሌ ግን አልተቆጡም። ጎንበስ አሉና በቀስታ «እትፍ። እትፍ» አሉ። ሰው በር ላይ ጫማውን እንደሚያወልቀው፣ ሳያስቡበት። ከዚያ ወንበራቸውን ወደ በሩ ትንሽ አዞሩት። እስኪሄዱ ድረስ ልጁን መልሰው አላዩትም።

ማዕዱ ቀረበ። ለእነሱ በቅቤ የተለወሰው ቆጮ ሻፌታ በሚሉት የሸክላ ገበታ መጣና ሦስቱም ዙሪያውን ተቀመጡ። የእኔ በሌላ ሳህን ለብቻዬ መጣ። «ጾም ስለሆነ ነው» አልኩ። ማንም አልጠየቀኝም ነበር። እማማ ዱካሌ ሁለቴ ጎረሱና «ጠግቤያለሁ» ብለው ተነሡ። አስቴር እስከ በር ሸኝታቸው ተመለሰች። «እትዬ፣ ውሃ ልስጥሽ?» አለችኝ። ብትሰድበኝ እመርጥ ነበር።

ያጠፋሁት ያኔውኑ ገብቶኛል። ማቴዎስ ስለ አክስቱ የጻፈውን አንቀጽ እኔ ነኝ የመታሁት። ሸክላ ተሸክመው ገበያ ሲወርዱ መንገድ ላይ ሕፃን አይተው ካደነቁ፣ እናቶቹ ልጁን ሸፍነው እትፍ በይበት ይሏቸው እንደነበረ ጽፏል። እኔ እዚያ አንቀጽ ላይ አንድ ነጠላ ሰረዝ ጨምሬያለሁ። በጣም የሚያሳዝን ክፍል ነው ብዬም ነግሬዋለሁ። መኪናው ውስጥ ያ ሰውዬ እትፍ በል ሲባል ለምን እንደሳቀም ያኔ ገባኝ። ማንም ሰው ቡዳ ነህ ብሎት አያውቅም፤ ስለዚህ ለእሱ ጨዋታ ነው።

ቅዳሜ ስብሰባው ባህል አዳራሽ አካባቢ ባለ አንድ ክፍል ውስጥ ነበር። የፕላስቲክ ወንበሮች ተደርድረዋል፤ መምህራን፣ ነጋዴዎች፣ ተማሪዎች አሉ። እማማ ዱካሌ ከፊት ተቀምጠዋል፤ አዲሱ ቀሚሳቸው ሰማያዊ ነው። በአስቴር ጫማ ቷ ቷ እያልኩ ወደ ፊት ወጣሁ። ገና ርዕሱን ሳነብ አንድ ሽማግሌ ከመሃል እጃቸውን አወጡ።

«እህቴ፣ ጭራቁ ጥርስ አለው? ወይስ እንደኔ ያስገባው ነው?»

ሳቅ ሆነ። እኔም ቀለል አለኝ። የወንዙን ማዶ አነበብኩ፤ ራሳቸውን ነቀነቁ። የዘንዶውን ሳነብ አንድ ተማሪ «አሁንም አለ!» ሲል አጠገቡ ያለው ዝም አሰኘው። የጥጃውን ሳነብ ባለ ጥርሱ ሽማግሌ እነሱ ሰፈር እንደዚህ ዓይነት ጥጃ ተወልዶ ሰው ሊያይ ከሩቅ ይመጣ እንደነበረ ተናገሩ። ሁሉም ደህና እየሄደ ነበር። ከዚያ ያ ገጽ መጣ።

ቀና ስል እማማ ዱካሌ ወደ ፊት ዘንበል ብለው፣ እጆቻቸውን ጉልበታቸው ላይ አጣጥፈው ያዩኛል። አስቴርም ታየኛለች፤ ሣራ ልጁን ታቅፋ ከኋላ ቆማለች። ከትናንቱ በኋላ ይህን በእኔ አፍ ማንበብ አልቻልኩም። ለእሳቸውም ብዬ ነው፣ በሰው ፊት ቁስላቸውን ልነካካ አይገባም ብዬ ራሴን አሳመንኩ። ሁለት ገጽ ባንድ ላይ ገለጥኩ። መዝጊያውን አነበብኩ። ተጨበጨበ።

እማማ ዱካሌ አላጨበጨቡም። ገና የሚቀጥል መስሏቸው እየጠበቁ ነበር። ሰው ሲነሣ ወደ አስቴር ዞረው በሲዳምኛ አንድ ነገር ጠየቁ፤ አስቴር አንገቷን ደፍታ መለሰችላቸው። በር ላይ ክንዴን ያዙኝ።

«የኔን የት ጣልሽው?» አሉኝ።

«ምኑን እማማ?»

«የኔን። ማቴዎስ በስልክ አንብቦልኛል። በስሜ ነው ያለው። ሐዋሳ መጥቼ ሰው ፊት አነበዋለሁ፣ ሁሉም ይሰማል ብሎኛል።»

ቀሚሱ ለምን እንደተሰፋ ያኔ ነው የገባኝ።

«ሰዓት አልቆ ነው» አልኳቸው።

አላለቀም ነበር። እሳቸውም ክንዴን ለቀቁና የአስቴርን ትከሻ ተደግፈው ደረጃውን ወረዱ። ዓርብ ሳላስብ ነው ያዋረድኳቸው። ቅዳሜ ግን አስቤበት ነው፤ ሐፍረቴን ለመሸፈን ስል ሕይወታቸውን ሙሉ የጠበቁትን ነገር ዘለልኩባቸው። ከሁለቱ የቱ እንደሚብስ አሁንም አላውቅም።

እሑድ አስቴርና ሣራ ቤተ ክርስቲያን ሄዱ። እነሱ ዘንድ መዝሙሩ ከከበሮ ይልቅ በኪቦርድ ነው፤ ከቤት ይሰማል። ሣራ ስትወጣ ማቲን ለእኔ ሰጠችኝ። «እትዬ፣ ያዢልኝ፤ እዚያ ሲጮሁ ይደነግጣል» አለችኝ። ዓርብ ያንን ስል ሰምታኝ፣ ልጇን ለእኔ ትታ ሄደች። ከዚያ ጽሑፉን በክንዴ ሥር፣ ልጁን ደረቴ ላይ አድርጌ ወደ እማማ ዱካሌ ቤት ሄድኩ። ዳገቱ ላይ ነው። የአስቴር ጫማ መሃል መንገድ ላይ ሁለቴ ወለቀብኝ፤ አንዲት ጎረቤት ከአጥሯ ወጥታ አጎንብሳ አደረገችልኝ።

እማማ ዱካሌ ደጃፋቸው ላይ ፀሐይ እየሞቁ ነበር። «ግቢ» አላሉኝም፤ አግዳሚው ላይ ግን ጠጋ አሉልኝ።

«ትናንት ሰዓት አላለቀም ነበር» አልኳቸው።

«አውቃለሁ። ግድግዳው ላይ ሰዓት ነበር።»

«ላነብልዎት ነው የመጣሁት።»

«ሰው የለም እኮ» አሉ ግራ ቀኝ አይተው። እውነታቸውን ነው። ሰው አልነበረም። ቢሆንም «አንብቢ» አሉኝ።

አነበብኩ፦ «አክስቴ ዱካሌ ሸክላዋን ተሸክማ ገበያ ስትወርድ ሕፃን ካየች ቆማ ማድነቅ ትወድ ነበር። እናቶቹ ልጁን ይሸፍኑና እትፍ በይበት ይሏታል። እሷም ትላለች። ለምን እሺ ትያለሽ ብዬ ጠየቅኋት። እምቢ ካልኩ ልጁ የታመመ ቀን የሚመጡት ወደ እኔ ነው አለችኝ። ከዚያ ወዲህ መሬት መሬት እያየች ትሄድ ጀመር። እኔ ጭራቅ አይቼ አላውቅም፤ ጭራቅ ሲሠራ ግን አይቻለሁ። የሚሠራው በገበያ መንገድ ላይ፣ በጠራራ ፀሐይ ነው፤ የሚሠሩትም ደግ ሴቶች ናቸው።»

«ደግ ሴቶች» የሚለው ላይ ስደርስ ከወረቀቱ ቀና አልኩ። እማማ ዱካሌ ግን ሌላ ቦታ ላይ ነበሩ።

«መሬት?» አሉ። «መሬት አላየሁም። ውሸት ነው።»

«ማቴዎስ እንደዚያ ነው የጻፈው።»

«ማቴዎስ ያኔ ልጅ ነው፤ ምን ያውቃል? በጎን አይ ነበር።» ዓይናቸውን በጎን አድርገው አሳዩኝ፤ ሳቅ አመለጣቸው። «ሁሉንም ነው ያየሁት። ወፍራሙንም፣ ቀጭኑንም። የማን ልጅ ቆንጆ እንደሆነ ገበያው ውስጥ ከኔ በላይ የሚያውቅ የለም። አስተካክዪው።»

«እሺ፣ አስተካክለዋለሁ። እማማ፣ ዓርብ ያልኩት…»

«እሱን ተይው።»

«መተው አልቻልኩም።»

«ታዲያ ያዢው» አሉኝ። «ለአንቺ አዲስ ነው፤ ለኔ አይደለም። ልጁን ግን ስጪኝ።»

ሰጠኋቸው። በተሰነጣጠቁት እጆቻቸው ብብቱን ይዘው ጭናቸው ላይ አቆሙትና በጎን ሳይሆን ፊት ለፊት አዩት። ማቲ አፍንጫቸውን ያዘ።

«ወፍሯል» አሉ።

ከዚያ ወደ እኔ ዞረው ጠበቁ። እየጠበቁ እንደሆነ ከፊታቸው አየሁ። አላሾፉም፣ አልተቆጡም፤ ምን እንደምል ማየት ብቻ ነው የፈለጉት። እጆቼን ጭኔ ሥር አድርጌ ተቀመጥኩባቸው። እውነቱን ለመናገር ያው የዓርቡ ቃል አፌ ላይ መጥቶ ነበር። ያን ሁሉ አንብቤ፣ ያን ሁሉ አፍሬ፣ አሁንም መጥቶ ነበር። ዋጥኩት። እማማ ዱካሌ ወደ ልጁ ተመለሱና በቋንቋቸው ብዙ ነገር ነገሩት። ምን እንዳሉት አልገባኝም፤ አልጠየቅኋቸውምም።

ሰኞ ጠዋት አስቴር መናኸሪያ ድረስ ሸኘችኝ። ጫማዋን ልመልስ ስል «ባዶ እግርሽን ልትሄጂ ነው? ሌላ ጊዜ ስትመጪ ታመጪዋለሽ» አለችኝ። ሌላ ጊዜ አለ ማለቷ ነው። ሻሸመኔን፣ ባቱን፣ ሞጆን በመጣሁበት መንገድ ተመለስኩ፤ አጠገቤ የተቀመጠው ሰው ሙሉውን መንገድ ተኛ። አዲስ አበባ እየዘነበ ነበር። ቤቴ እንደተውኩት ነው፤ መጋረጃውም እንደተዘጋ።

በዚያው ሳምንት ኮምፒውተሩን ከፍቼ «መሬት መሬት እያየች» የሚለውን አጥፍቼ «በጎን እያየች» ብዬ አረምኩ። ጽሑፉን ለስብሰባው ሰዎች ልኬላቸዋለሁ፤ የተዘለለ ገጽ እንዳለ፣ የዘለልኩትም እኔ እንደሆንኩ ጽፌላቸዋለሁ። በሌላ ወር፣ እማማ ዱካሌ ባሉበት፣ እንዲነበብ ጠይቄያለሁ። መልስ ገና አልመጣም።

ማቴዎስ «ጭራቁ መጣ እንዴ?» ሲለኝ በነዚያ ሁሉ ምሳዎች ምን እያሰበ እንደነበረ አላውቅም፤ የምጠይቀውም የለም። አሁን ምሳዬን የምበላው መጋረጃውን ከፍቼ ነው። በደረጃው የሚያልፍ ሰው ሲያየኝ «እንብላ» እለዋለሁ።